ወይራ በሰው እጅ አይበቅልም ወይ? ከሐረጎ ሥር ለመጣ ጥያቄ የተሰጠ ምላሽ

ጥያቄው ባጭሩ ይህ ነው። ጠያቂው ከኮምቦልቻ ወደ ደሴ ሲወጣ ሐረጎ ሥር ከአባታቸው የተላለፈላቸው ድንጋያማ ተዳፋት አላቸው። ድሮ ወይራና ጥድ የሞላበት እንደነበር የአካባቢው ሽማግሌዎች ይነግሯቸዋል፤ ዛሬ ያለው ክትክታ፣ ደደሆ፣ አጋምና አልፎ አልፎ ግራር ነው። ቁጥቋጦውን መንጥረው ቦታውን ካጸዱ በኋላ ወይራ ሊተክሉበት አስበዋል። ሁለት ክረምት ፍሬ ለቅመው ቢዘሩ አንድም አልወጣላቸውም። ከጫካ ነቅለው ያመጧቸው ችግኞችም ጥቅምት ላይ ደረቁ። «ወይራን ወፍ እንጂ ሰው አያበቅለውም ይሉኛል፤ እውነት ነው? ከሆነ ባሕር ዛፍ ተክዬ ልረፍ? ቢበቅልስ ስንት ዓመት ልጠብቅ?» ይላሉ።

ከሁሉ አስቀድሜ ለሚያስቸኩለው ልመልስ፦ ቁጥቋጦውን አይመንጥሩት። ገጀራ የያዘ የቀን ሠራተኛ አነጋግረው ከሆነ ዛሬውኑ ያስቁሙት። ለሌላው ሁሉ ጊዜ አለ። ክትክታውና ደደሆው ከተነሣ ግን ያንን ተዳፋት መልሶ የወይራ ቦታ ለማድረግ ከሚያስፈልግዎት ነገር ዋናውን በገዛ ገንዘብዎ አስወገዱት ማለት ነው። ምክንያቱን ወረድ ብዬ አስረዳለሁ።

ወይራ በሰው እጅ ይበቅላል። ስለ ወፍ የሚነገረውም ከሜዳ የመጣ አይደለም፤ ጫካ ውስጥ ሲሆን ያየ ሰው የተናገረው ነው። ወፏ ሁለት ሥራ ትሠራለች። የጠቆረውን ፍሬ ውጣ ሥጋውን ታጠራለታለች። ቀጥላ የምታርፈው ደግሞ ገላጣ ላይ ሳይሆን ቁጥቋጦ ላይ ነውና፣ የጠራውን ፍሬ የምትጥለው እሾህና ጥላ ያለበት ቦታ ነው። እኛ ስንዘራ ፍሬውን ከነሥጋው፣ ያውም የተቆፈረ ገላጣ ላይ እንበትነዋለን። ልዩነቱ ይኸው ነው። ይህ የኛው ወይራ በ19ኛው መቶ ዘመን ወደ አውስትራሊያ ተወስዶ ነበር፤ ዛሬ በሲድኒ ዙሪያ ወፍ እያዛመተችው አገር በቀሉን ዕፅዋት የሚያፍን አረም ሆኖ በገንዘብ እያስነቀሉት ነው። በሃዋይ ደሴቶችም እንደዚያው። እዚያ አረም የሆነ ዛፍ፣ በተወለደበት ተራራ ላይ እምቢ የሚልበት ምክንያት በዛፉ ውስጥ አይደለም። ከብቱ፣ መጥረቢያውና የተገለጠው መሬት ነው።

ስለ ዛፉ ጥቂት ልበል፤ ቀጥሎ የምሰጠው ምክር ሁሉ ከዚህ የሚወጣ ነውና። በሳይንሳዊ ስሙ ኦሊያ ዩሮፒያ፣ ንዑስ ዝርያው ኩስፒዳታ ይባላል። ዘይት የሚጨመቅበት የሜድትራንያን ወይራ የዚሁ የአንድ ዝርያ ወንድም ነው። የኛው ከደቡብ አፍሪካ ተነሥቶ በምሥራቅ አፍሪካ፣ በዓረብ ምድር፣ በኢራንና በፓኪስታን አድርጎ እስከ ደቡብ ምዕራብ ቻይና ይደርሳል። በሁሉም ቦታ የሚኖረው ደረቅ በሚባል ተራራና ቁጥቋጦ ውስጥ ነው። በአገራችን ከ1,300 ሜትር አካባቢ ጀምሮ እስከ 3,000 ሜትር ድረስ ይገኛል። ኮምቦልቻ 1,850፣ ደሴ 2,500 ሜትር ገደማ ላይ ናቸው፤ ሐረጎ በመካከላቸው ነው። እንግዲህ ቦታዎ ለወይራ መሐል ቤቱ ነው ማለት ነው። ከኮምቦልቻ ቀና ሲሉ የሚታየው የየጎፍ ደንም የጥድና የወይራ ዘመድ ነው።

ዕድገቱ ዝግ ያለ ነው። የመጀመሪያዎቹን ዓመታት የሚያጠፋው ሥር በማውረድ ነው፤ ላዩን የሚያይ ሰው ቆሞ የቀረ ይመስለዋል። እንጨቱ ከባድና ጥቅጥቅ ያለ፣ መሐሉ ጥቁር ቡናማ፣ ምስጥም በቀላሉ የማይደፍረው ነው። ለዚህም ነው የአጥር ቋሚ፣ የመጥረቢያ እጀታ፣ ድግርና ዱላ ከወይራ ሲሆን የሚመረጠው። ከሰሉም የታወቀ ነው። ዛፉን ያስጨረሰው ይኸው ጥሩነቱ ነው።

አሁን ወደ ዘሩ። ፍሬውን ሲለቅሙ ከዛፉ ላይ ሙሉ በሙሉ የጠቆረውን ብቻ ይውሰዱ፤ አረንጓዴውና ቀላ ያለው ገና ነው። መሬት ወድቆ የከረመውን አይንኩት፣ አብዛኛው በነፍሳት የተበሳ ነው። ከአንድ ዛፍ ብቻ አይልቀሙ፤ ተራርቀው ከቆሙ ከበርካታ ዛፎች ትንሽ ትንሽ ይውሰዱ። ዛፎቹም የእርስዎን ቦታ በሚመስል ከፍታ ላይ ያሉ ይሁኑ፤ ደሴን ቁልቁል ከሚያየው ከጦሳ ተራራ አናት የተለቀመ ዘር ኮምቦልቻ ሜዳ ላይ፣ የቆላውም ደጋ ላይ እንደ አገሩ አይሆንም። ከመንግሥት ደን፣ ከቤተ ክርስቲያን ቅጥር ወይም ከመስጊድና ከመቃብር ቦታ የሚለቅሙ ከሆነ ጠይቀው ይግቡ፤ ዛሬ ያረጀ ወይራ ያለው በብዛት እነሱ ጋ ነው፣ የሚጠብቁትም እነሱ ናቸው።

የለቀሙትን በዚያው ቀን ባልዲ ውስጥ ከአሸዋ ጋር እያሹ ሥጋውን ያውልቁ። እጅ ያጠቁራል፣ ይሁን። በውሃ ሲያጥቡት የሚንሳፈፈው ባዶ ነው፤ ያፍስሱት። የሰመጠውን ጥላ ላይ ያድርቁ። በእጅዎ የሚቀረው ከገብስ ቅንጣት ብዙም የማይተልቅ፣ ሁለት ጫፉ ሾል ያለ፣ እንደ ድንጋይ የጠነከረ ነገር ነው። ዘሩ ራሱ ይህ አይደለም፤ ዘሩ በውስጡ ነው። ያለፉት ሁለት ክረምቶች ያስቀሩብዎት ይህ ቅርፊት ነው። መሬት ውስጥ እስኪለሰልስ ወራት ይፈልጋል፣ እስከዚያ ደግሞ ዝናቡ ያልቃል፣ አይጥም ይቀድማል።

ስለዚህ ቅርፊቱን እርስዎ ይክፈቱለት። የኤሌክትሪክ ሠራተኛ ፒንሳ ወይም የጥፍር መቁረጫ ይያዙና ከሁለቱ ጫፎች አንዱን ብቻ፣ ከላዩ ስስ አድርገው ይቁረጡ። ብርሃን ላይ ሲያዩት ነጣ ያለ ነጥብ ከታየዎት በቂ ነው፤ ከዚያ ካለፉ ዘሩን ቆረጡት። ሞርሳ ያለው ጎረቤት ካለ ደግሞ በጎኑ አስይዞ ቀስ እያሉ ማጥበቅ ይሻላል፦ ቀጭን «ቀጭ» የሚል ድምፅ ሲሰሙ እዚያው ያቁሙ፣ ቅርፊቱ ሰንጥቋል። የመጀመሪያዎቹ ጥቂት ፍሬዎች ይደቅቃሉ፤ እጅዎ ልኩን እስኪያውቅ ነው። መቶ ፍሬ ለመሰንጠቅ አንድ ከሰዓት በኋላ ቡና እየጠጡ ቁጭ ማለት ይበቃል። ከዚያ ውሃ ውስጥ አንድ ሌሊትና አንድ ቀን ይዘፍዝፉት፤ ውሃውን አንዴ ይለውጡለት።

አፈሩን ሦስት እጅ የአካባቢ አፈር፣ ሁለት እጅ አሸዋ፣ አንድ እጅ በደንብ የበሰበሰ ፍግ አድርገው ያዘጋጁ። ካረጀ ወይራ ሥር አንድ ሁለት እፍኝ አፈር አምጥተው ቢቀላቅሉበት ደግሞ ትልቅ ነገር ነው፤ ከወይራ ሥር ጋር ተረዳድተው የሚኖሩ ፈንገሶች አብረው ይመጣሉ፣ ችግኙ ውሃና ፎስፈረስ እንዲስብ ያግዙታል። የችግኝ ፖሊቲን ቲዩብ ሲመርጡ ረዘም ያለውን ይምረጡ፤ ቁመቱ ከ20 ሴንቲ ሜትር ካነሰ ሥሩ ወርዶ ይጠማዘዛል። በየቲዩቡ ሁለት ፍሬ አንድ ሴንቲ ሜትር ጥልቀት ላይ ያስገቡ፣ ላዩን ጭድ ወይም ደረቅ ሣር ያልብሱት። አፈሩ እርጥብ ይሁን እንጂ አይጨቅይ። ወይራ ለመብቀል ሙቀት አያስፈልገውም፤ እንዲያውም ቀዝቀዝ ያለ አፈር ይስማማዋል። የኮምቦልቻ የቀን ፀሐይ በቀጥታ እንዳያገኘው በማገር ላይ ሣር አንጥፈው ዳስ ይሥሩለት። አንዳንዱ በወሩ፣ አንዳንዱ ቆይቶ ይወጣል፤ አንድ ላይ አይመጣምና ያልወጣበትን ቲዩብ ቶሎ አይድፉ።

ከወጣ በኋላ ያለው ሥራ ትዕግሥት ነው፤ ሁለት ነገር ብቻ ልጨምር። ሥሩ ቲዩቡን አልፎ መሬት እንዳይዝ በየጥቂት ሳምንቱ ቲዩቡን እያነሡ የወጣውን ሥር ይከርክሙ። ሊተከል ሁለት ወር ሲቀረው ደግሞ ዳሱን ቀስ በቀስ እያሳሱ፣ ውሃውንም እያራራቁ ያላምዱት። ስንዝር ተኩል ያህል ቁመት ያለው፣ ግንዱ ጠንከር ብሎ ቡናማ የጀመረ ችግኝ ለተራራ ደርሷል። ለምለም ሆኖ የተመዘዘው ያምራል እንጂ ከሁሉ ቀድሞ የሚሞተው እሱ ነው።

ከጫካ ነቅለው ያመጧቸው ለምን እንደደረቁ አሁን ግልጽ ይመስለኛል። ክንድ ያህል የሚሆን የጫካ ችግኝ ሥሩ ወደታች ከቁመቱ ይበልጣል፤ ሲነቅሉት ግማሹ እዚያው ይቀራል። የቀረችው ሥር ክረምቱን በዝናብ ኃይል ታሳልፈዋለች፣ መስከረም ሲያልቅ ግን ቅጠሉን ማጠጣት አይሆንላትም። የጫካ ችግኝ መጠቀም ከፈለጉ አራት ወይም ስድስት ቅጠል ያላትን፣ ካረጀው ዛፍ ሥር ተጨናንቀው ከበቀሉት መካከል፣ ሐምሌ ላይ ዝናብ በጣለ ማግስት ከነአፈሯ በአካፋ ያንሷት። ቀጥታ ተራራ ላይ አይውሰዷት። ቲዩብ ውስጥ አስገብተው ዳስ ሥር ያክርሟትና የሚቀጥለው ክረምት ይትከሏት። ቅርንጫፍ ቆርጦ መትከልም ይሞከራል፣ ነገር ግን የዱሩ ወይራ ሥር አውጣ ሲሉት አስቸጋሪ ነው። ሥር የሚያስወጣ ሆርሞንና ዘወትር እርጥበት ያለው ቤት ይፈልጋል። ለእርስዎ አልመክረውም።

ይህን ሁሉ ከመጀመርዎ በፊት ግን አንድ ነገር ያድርጉ። ተዳፋቱን ከታች እስከ ላይ አጎንብሰው ያስሱ፤ ጉቶ ፍለጋ ነው። ወይራ ተቆርጦ ቶሎ አይሞትም፤ ከጉቶው ያቆጠቁጣል። ፍየል በየቀኑ ስለምትላጨው ግን ዛፍነቱ ይጠፋና ድንጋይ መሐል እንደተቀመጠ ትራስ ድብልብል ብሎ ይኖራል። ሰው ቁጥቋጦ ነው ብሎ ያልፈዋል። ቅጠሉን ገልብጠው ይዩት። የወይራ ቅጠል ሁለት ሁለት ሆኖ ፊት ለፊት ይወጣል፣ ጠባብና ጫፉ ሹል ነው፣ ላዩ ጥቁር አረንጓዴ ሆኖ ያበራል፣ ጀርባው ግን ዝገት የነካው ወርቅማ ቡናማ ነው። ክትክታ እየተፈራረቀ ነው ቅጠል የሚያወጣው፣ ሲያሹትም ይጣበቃል። ሐረጎን በሚመስል ቦታ፣ ሽማግሌዎቹም ወይራ ነበር ካሉ፣ ጉቶ ጨርሶ ላያገኙ አይችሉም ብዬ አምናለሁ።

አንድ እንዲህ ያለ ጉቶ ከብዙ ችግኝ ይበልጥብኛል። ከሥሩ ያለው ሥር የአሥርት ዓመታት ሥር ነው፤ ከድንጋዩ ስንጥቅ ውስጥ ውሃ የት እንዳለ ያውቃል። ሥራዎ በእሾህ ማጠር ብቻ ነው። የቀጋ ወይም የግራር ቅርንጫፍ ዙሪያውን ይከምሩበት። ሁለት ክረምት ሳይነካ ከቆየ ብዙ ዘንግ ይልካል። ያኔ ቀጥ ብለው ከወጡት፣ ወደ ሽቅብ በኩል ካሉት ሁለት ወይም ሦስት መርጠው ሌላውን በስል መጋዝ ከሥሩ ይቁረጡ። ቁራጩ ለመፋቂያና ለጭስ ይሆናል፤ ካጠሩት ዛፍ የመጀመሪያውን ምርት ያገኙት ያን ጊዜ ነው። የመከርከሚያው ጊዜ በጋ ይሁን፤ በዝናብ የተቆረጠ ቁስል ይበሰብሳል።

አሁን ቁጥቋጦው ለምን አይመነጠርም ወዳልኩት ልመለስ። ኮምቦልቻ አካባቢ ዝናቡ በአብዛኛው ሐምሌና ነሐሴ ነው የሚጥለው። በልግ ቢመጣ የካቲትና መጋቢት ነው፤ ግን በልግን ማን ያምነዋል። ከመስከረም መጨረሻ እስከዚያ ድረስ ያሉት አራት አምስት ወራት ችግኝ የሚለይባቸው ናቸው። ገላጣ ድንጋያማ መሬት ላይ ቀትር ላይ እጅዎን ቢያሳርፉ ያቃጥላል። ክትክታ ሥር ግን ረግፎ የበሰበሰ ቅጠል አለ፣ አፈሩ ጠቆር ብሎ ቀዝቃዛ ነው፣ ንፋሱም ተሰብሯል። ትግራይ ውስጥ በተከለሉ ተራሮች ላይ የተደረጉ ጥናቶችም ያሳዩት ይህንኑ ነው፦ የወይራ ችግኝ ከገላጣው ይልቅ በደደሆና በሌሎች ቁጥቋጦዎች ጥላ ሥር በተሻለ ተርፎ ተገኝቷል። እኛም ወሎ ውስጥ ሩቅ መሄድ የለብንም። ከ1966ቱና ከ1977ቱ ድርቅ በኋላ በምግብ ለሥራ እርከን የተሠራባቸውና ከከብት የተከለሉ ተራሮች አሉ። እነዚያ ላይ ገብተው ቢያዩ ወይራ የተመለሰው ከአጋምና ከደደሆ ሆድ ውስጥ ነው።

ስለዚህ በረድፍ አይትከሉ። ገመድ ዘርግቶ ጉድጓድ መደርደር ለፎቶ ያምራል፣ ለወይራ ግን ቁጥቋጦውን እየተከተሉ መትከል ነው የሚበጀው። የትኛው ጎን ላይ እንደሚተከልም ለውጥ አለው። እኛ ያለነው ከምድር ወገብ በስተሰሜን 11 ዲግሪ ገደማ ላይ ስለሆነ በበጋ ወራት ቀትር ላይ ፀሐይ ወደ ደቡብ ታዘነብላለች፤ የቁጥቋጦው ጥላ የሚወድቀው ወደ ሰሜን ነው። ከሰዓት በኋላ ደግሞ ጥላው ወደ ምሥራቅ ይዞራል። ችግኙ ከቁጥቋጦው በስተሰሜን ምሥራቅ፣ ከግንዱ ክንድ ያህል ርቆ ከተተከለ ከቀትር ጀምሮ ያለው ክፉ ፀሐይ አያገኘውም፣ የማለዳው ግን ይደርሰዋል። ክረምት ላይ ፀሐይዋ ወደ ሰሜን ብትሻገርም ደመና ስላለ አያሳስብም። ይህ ምንም ወጪ የሌለው ነገር ነው፤ ከባልዲ ውሃ ግን የበለጠ ያድናል።

ጉድጓዱን ከክረምቱ በፊት፣ ግንቦት ላይ ይቆፍሩ፤ ወርዱም ጥልቀቱም 40 ሴንቲ ሜትር። የላዩን ጥቁር አፈር ለብቻ ያስቀምጡት፣ ሲተክሉ መጀመሪያ የሚገባው እሱ ነው። የመጀመሪያው ዝናብ ስለጣለ አይቸኩሉ። ሐምሌ ላይ ዝናቡ ረግቶ ጉድጓዱ እስከ ታች ሲርስ ይትከሉ፤ ከነሐሴ አጋማሽ በኋላ የተተከለ ግን ሥር ሳይሰድ በጋ ይይዘዋል። ቲዩቡን በምላጭ ሰንጥቀው ያውጡት። በየዓመቱ የችግኝ ዘመቻ ላይ ከነላስቲኩ የሚቀበር ችግኝ ሳይ ልቤ ይቃጠላል። ያ ችግኝ የተተከለ ዕለት ነው የተፈረደበት። ታች ላይ የተጠቀለለ ሥር ካለ እሱንም በዚያው ምላጭ ይቁረጡት፤ የተጠማዘዘ ሥር ከዓመታት በኋላ ራሱን ያንቃል።

ከችግኙ በታች በኩል አፈርና ድንጋይ በግማሽ ጨረቃ ቅርፅ ከምረው ከላይ የሚወርደውን ጎርፍ ይያዙለት። ድንጋይ አይጣሉ። ጠፍጣፋ ጠፍጣፋውን ከግንዱ ጥቂት አርቀው ዙሪያውን ቢያነጥፉት እርጥበቱን ይዞ ያቆያል። ከተዳፋቱ ግርጌ ወደ ቦርከና ወንዝ በኩል ዋልካ መሬት ካለዎት እዚያ አይትከሉ፤ ክረምት ውሃ የሚቋጥር መሬት የወይራን ሥር ያበሰብሳል። የመጀመሪያውን በጋ ከኅዳር እስከ የካቲት በሁለት ሳምንት አንዴ ውሃ ካገኘ ይበቃዋል። ባዶ ሃይላንድ ቂጡን በመርፌ በስተው ከሥሩ አጠገብ በግማሽ ይቅበሩት፤ ውሃውን በላዩ ሲሞሉት ቀስ እያለ ይጠባል። ችግኙ ራሱን ከቁጥቋጦው በላይ ሲያወጣ ደግሞ የቁጥቋጦውን ቅርንጫፍ በየዓመቱ ጥቂት ጥቂት እየከረከሙ ብርሃን ይስጡት። ጥላው የሚያስፈልገው ለልጅነቱ ነው፤ አንዴ ካደገ ፀሐይ ይወዳል።

ቀጥሎ የፍየል ነገር። ከላይ የጻፍኩት ሁሉ አንድ መንጋ አንድ ከሰዓት በኋላ ከገባበት ከንቱ ነው። የወይራ ቅጠል በበጋ አረንጓዴ ሆኖ ስለሚቆይ ሌላው ሲደርቅ ከብቱ የሚሄደው ወደ እሱ ነው። ሽቦ አጥር ውድ ነው፣ ይሰረቃልም። ከሁሉ የሚበልጠው ከጎረቤት ጋር መነጋገር ነው። ቦታው ሲከለል በመጀመሪያው ክረምት ሣሩ ይነሣል። ያንን ሣር ብቻዎን አይሰብስቡት፤ ከብታቸው በዚያ ያልፍ ለነበረ ጎረቤቶች መስከረም ላይ በማጭድ አጭደው እንዲወስዱ ያካፍሏቸው። ሣሩን ያገኘ ሰው ችግኙን ይጠብቅልዎታል። እረኞቹን ልጆችም ስም እየጠሩ ያናግሯቸው፤ ለየአንዳንዳቸው ጥቂት ችግኝ አደራ ቢሰጧቸው ከዘበኛ ይሻላሉ። በአካባቢው ባለው ዕድር ወይም ቅሬ ቢነገር ደግሞ ጉዳዩ የእርስዎ ብቻ መሆኑ ይቀራል።

ባሕር ዛፍን በተመለከተ አልኮንንዎትም። በጥቂት ዓመት አጠና ሆኖ ይሸጣል፤ የልጅ ትምህርት ቤት ክፍያ የወይራን ዕድገት አይጠብቅም። ነገር ግን እንዲህ ያለ አፈሩ የሳሳ ተዳፋት ላይ ካሰፈሩት በሥሩ ሣርም አይበቅል፣ ያለችውን እርጥበትም ይጨርሳታል፣ ወይራም ከዚያ በኋላ አይታሰብም። ገንዘቡ የግድ ካስፈለገዎት አፈሩ ጠለቅ ባለበት ጥግ፣ ከወይራውና ከእርሻ መሬት ቢያንስ 20 ሜትር ርቀት ላይ ጥቂት ረድፍ ብቻ ይትከሉ። ሙሉ ተዳፋቱን ለእሱ መስጠት ግን ኪሳራ ነው፤ ይህን ያለ ማመንታት እናገራለሁ።

ብዙ ሰው ስለሚያነሣው የዘይት ወይራም አንድ ቃል። በዱሩ ወይራ ግንድ ላይ የዘይቱን ቅርንጫፍ ቆርጦ በማያያዝ ማዳቀል ይቻላል፤ ፓኪስታን ውስጥ በሰፊው ተሠርቶበታል፣ ሁለቱ ሥጋ ለሥጋ ስለሆኑ ይያያዛሉ። ችግሩ ከተያያዘ በኋላ ነው። የዘይት ወይራ አብቦ እንዲያፈራ የሜድትራንያንን የመሰለ የክረምት ብርድ ይፈልጋል፤ ያንን ብርድ በማያገኝበት አገር ቅጠሉ እየለመለመ ፍሬ ይነሣል። አንድ ግንድ ላይ ለሙከራ ቢያደርጉት አልከለክልዎትም። ተዳፋቱን ሁሉ በዚህ ተስፋ መለወጥ ግን አይገባም።

ስንት ዓመት ልጠብቅ ላሉት፦ እንደሚጠብቁት ነገር ይወሰናል። ሣሩን በመጀመሪያው ዓመት ያጭዳሉ። ንብ ካለዎት የወይራ አበባ ለቀፎ ጥሩ ነው፤ ቁጥቋጦውም አብሮ ስላለ ቀፎ ለመስቀል ዛፉ እስኪያድግ አይጠብቁ። ከጉቶ የተነሡት ዘንጎች በጥቂት ዓመት ውስጥ ለመፋቂያ፣ ለጠላ ጋንና ለወተት ዕቃ ማጠኛ የሚሆን እንጨት ይሰጣሉ። ደሴ ገበያ በእስር በእስር ተደርጎ የሚሸጠው ይኸው ነው። ለዚያ ደግሞ ዛፍ መጣል አያስፈልግም፤ ቅርንጫፍ መከርከም ይበቃል። በችግኝ የተከሉት እስከ ዱላና እጀታ ለመድረስ ከአሥር ዓመት በላይ ይወስዳል። የአጥር ቋሚ የሚሆነውን ግንድ ልጆችዎ ይቆርጡታል፤ ወይም ሳይቆርጡት ይተዉታል።

መጀመሪያ ግን ጉቶዎቹን ይቁጠሩ። በየጉቶው ላይ ቀይ ጨርቅ ወይም ገመድ ያስሩበት፣ በዚህ ሳምንት ውስጥም እሾህ ይከምሩበት። ስንት እንደተገኘ ሲያውቁ ስንት ችግኝ ማዘጋጀት እንዳለብዎት ይታወቃል፤ ምናልባትም ካሰቡት በጣም ያነሰ ይሆናል። የቀረውን በወረዳው ግብርና ጽሕፈት ቤት በኩል አስቀድመው ካዘዙ ችግኝ ጣቢያ ያዘጋጅልዎታል። ለወይራ አንድ ዓመት ቀድሞ ማዘዝ ያስፈልጋል፤ ሰኔ ላይ ሄዶ «ወይራ አለ?» ያለ ሰው ግራቪሊያ ይዞ ነው የሚመለሰው።